ኻሊድ ኢብኑል ወሊድ፦ ከሚወራው ውስጥ የቱ ይጸናል?

የታሪክ_ፈላጊ

አሰላሙ ዐለይኩም፤ ለሌሎቻችሁም ጤና ይስጥልኝ። ስለ ቀድሞው የሙስሊም ጦር አዛዥ ስለ ኻሊድ ኢብኑል ወሊድ (ረ.ዐ) በአማርኛ የሚዘዋወሩት ጽሑፎች አብዛኞቹ አንዱ ካንዱ የተገለበጡ ስለሆኑ ስህተቱም አብሮ ይወራረሳል። ደጋግመው የሚነሱት እነዚህ ናቸው፦ ኡሑድ ላይ ድሉን ብቻውን ገለበጠው፤ ከኢራቅ ወደ ሻም (ሶርያና አካባቢዋ) ሲሻገር ዘጠኝ ሺህ ሰው የግመል ሆድ ውሃ እየጠጣ አምስት ቀን በረሃ አቋረጠ፤ የርሙክ ላይ ሩብ ሚሊዮን የሮም (የቢዛንታይን) ጦር አሸነፈ፤ ኸሊፋው ዑመር በቅናት ተነሳስተው በጦርነቱ መሀል ሻሩት። ዘገባው ከማን እንደመጣ፣ ቁጥሩ ያስኬድ እንደሆነና ነገሩ በተግባር እንዴት እንደሚሠራ የምታውቁ በየነጥቡ ብትጽፉ ለሁላችንም ይጠቅማል።

አቡ_ሐናን

ወዐለይኩሙ ሰላም። መዲና አጠገብ ከተደረገው ከኡሑድ ውጊያ ልጀምር። ዘመኑ 3ኛው ዓመተ ሂጅራ፣ በፈረንጆቹ 625 ነው። የመካዎቹ ቁረይሾች 3,000 ሰውና 200 ፈረስ ይዘው መጡ። ከመዲና የወጡት ሙስሊሞች አንድ ሺህ ያህል ነበሩ፤ ዐብዱላህ ኢብኑ ኡበይ 300 ሰው ይዞ ከመንገድ ሲመለስ 700 ቀሩ። ነቢዩ (ሶ.ዐ.ወ) ጀርባቸውን ለኡሑድ ተራራ ሰጥተው፣ በግራ በኩል በቀረው ክፍተት ላይ ካለችው ትንሽ ኮረብታ 50 ቀስተኞች አቆሙ፤ አዛዣቸው ዐብዱላህ ኢብኑ ጁበይር ነበር። ትእዛዙ አያሻማም፦ «አሞራ ሲነጥቀን ብታዩ እንኳ ሰው ካልላክንባችሁ ከቦታችሁ ንቅንቅ አትበሉ።»

የቁረይሽ ጠቅላይ አዛዥ አቡ ሱፍያን ነው። ያኔ ገና ያልሰለመው ኻሊድ የቀኝ ክንፉን ፈረሰኛ፣ ዒክሪማ ኢብኑ አቢ ጀህል የግራውን ይዘዋል። ስለዚህ «ብቻውን» የሚለው ገና ከመነሻው አይቆምም። ኻሊድ መጀመሪያ ላይ በዚያው ክፍተት ለመግባት ሞክሮ በቀስት ተመልሷል። እዚህ ላይ ብዙ ጸሐፊ ሳያየው የሚያልፈው ነገር አለ። የቁረይሽ እግረኛ ሲሸሽ፣ ሰንደቁ ሲወድቅ፣ ፈረሰኛው አብሮ አልፈረሰም። ኻሊድ ሰዎቹን ሰብስቦ ያችን ኮረብታ እያየ ቆየ። አብዛኞቹ ቀስተኞች ምርኮ ፍለጋ ወርደው ከዐብዱላህ ጋር አሥር ያህል ሰው ሲቀር ዞሮ ከኋላ መታ፤ ዒክሪማም ተከተለው።

በሕይወቱ ሙሉ የሚደጋገመው የአዋጊነት ጠባዩ ይኸው ነው። ፈረሰኛውን አስቀድሞ አያባክንም፤ ክፍተት እስኪታይ ይዞት ይቆያል።

የደሴ_ልጅ

ኡስታዝ፣ አላህ ይጨምርልዎ። ወደ በረሃው ከመሄዳችን በፊት ስለ አሰላለሙና ስለ ሙእታ ትንሽ ልበል፤ ለእኛም ቅርብ የሆነ ጉዳይ አለበት።

ኻሊድ ከበኑ መኽዙም ጎሳ ነው። የቁረይሽን ፈረሰኛ መምራት በዚያ ቤት የቆየ ድርሻ ነበር፤ አባቱ አል ወሊድ ኢብኑል ሙጊራም ከመካ ባለጠጎች አንዱ ነው። ወንድሙ አል ወሊድ በበድር ተማርኮ በቤዛ ከተለቀቀ በኋላ ሰለመና በ7ኛው ዓመተ ሂጅራ ለኻሊድ ደብዳቤ ጻፈለት፤ ነቢዩ «ኻሊድ የት አለ?» ብለው መጠየቃቸውን የነገረው እሱ ነው። በ8ኛው ዓመት ኻሊድ ወደ መዲና ሲጓዝ መንገድ ላይ ዐምር ኢብኑል ዓስን አገኘ። ዐምር የሚመጣው ከእኛ አገር ነበር። በሲራ (የነቢዩ የሕይወት ታሪክ) ዘገባ መሠረት ዐምር እስልምናን የተቀበለው በሐበሻው ንጉሥ በነጃሺ ፊት ነው። ከዓመታት በፊት ወደ ሐበሻ የተሰደዱትን ሙስሊሞች (ሙሃጂሮቹን) አስመልሶ ለመውሰድ የቁረይሽ መልእክተኛ ሆኖ መጥቶ ያልተሳካለትም ራሱ ዐምር ነው። ያን ጊዜ ነጃሺ ፊት ቆሞ ስለ ስደተኞቹ የተናገረው ጀዕፈር ኢብኑ አቢ ጧሊብ ደግሞ ሙእታ ላይ ከወደቁት ሦስት አዛዦች አንዱ ሆነ።

ሙእታ (629)፣ ከሮምና ከአጋሮቿ ጋር የተደረገው ውጊያ፦ 3,000 ሰው ከመዲና ወጣ። ዘይድ ኢብኑ ሓሪሣ፣ ከዚያ ጀዕፈር፣ ከዚያ ዐብዱላህ ኢብኑ ረዋሓ ተራ በተራ ወደቁ። ሰንደቁን ኻሊድ ያዘ። በዚያ ቀን እጁ ላይ ዘጠኝ ሰይፍ እንደተሰበረና አንዲት የመን ሠራሽ ሰፊ ሰይፍ ብቻ እንደቀረችው በቡኻሪ የሐዲስ ስብስብ የተላለፈው የራሱ ቃል ነው። በማግሥቱ የፊቱን ጦር ወደ ኋላ፣ የኋላውን ወደ ፊት፣ ቀኙን ወደ ግራ፣ ግራውን ወደ ቀኝ አዛወረ፤ ጠላት ትናንት ያላየውን ፊትና ሰንደቅ ሲያይ ደራሽ ጦር የመጣ መሰለው። ይህ የታሪክ ጸሐፊው የዋቂዲ ዘገባ ነው። ከዚያም ቀስ እያለ አፈገፈገ።

አሁን «ድል ነበር ወይስ ሽንፈት?» የሚለው ክርክር ይመጣል። መዲና ሲደርሱ ሰው አፈር እየበተነባቸው «እናንተ ሸሺዎች!» እንዳላቸው፣ ነቢዩም «ሸሺ አይደሉም፤ ኢንሻአላህ ተመልሰው የሚገጥሙ ናቸው» እንዳሉ ሲራው ያቆያል። የጠላት ቁጥር 200,000 ነበር የሚለውን በቁሙ መቀበል አይቻልም፤ በስም የተመዘገቡት ሸሂዶች ከአሥራ ሁለት አይዘሉምና። ሦስት አዛዥ የተገደለበትን ጦር ከሞላ ጎደል ሙሉውን ይዞ መመለስ ግን የጦር ሰው ሥራ ነው። ማፈግፈግ ከማጥቃት ይከብዳል፤ ጀርባ ከታየ ሰው በየራሱ መሮጥ ይጀምራል፣ አብዛኛው እልቂትም የሚደርሰው ያኔ ነው።

ኡሙ_ሱመያ

ወንድሞቼ፣ ጥሩ ይዛችኋል። ግን ሁለት ጉዳይ ዘላችሁ ካለፋችሁ የመጨረሻው ጥያቄ፣ ማለትም ሽረቱ፣ ጨርሶ አይገባም።

አንደኛው በኑ ጀዚማ የሚባለው ጎሳ ጉዳይ ነው። መካ ከተከፈተች በኋላ (630) ኻሊድ ወደ እነሱ ተላከ። «ሰለምን» በማለት ፈንታ በለመዱት አነጋገር «ሃይማኖታችንን ለወጥን» አሉ፤ ኻሊድ አልተቀበለም፣ ማረከ፣ ምርኮኞቹ እንዲገደሉም አዘዘ። ዐብዱላህ ኢብኑ ዑመር «የኔን ምርኮኛ አልገድልም» ብሎ እምቢ አለ። ወሬው ሲደርስ ነቢዩ እጃቸውን አንስተው «አላህ ሆይ፣ ኻሊድ ከሠራው ሥራ ወደ አንተ ጠራሁ» አሉ፤ ሁለት ጊዜ። ከዚያ ዐሊን ላኩና የሟቾቹ ሁሉ ጉማ ተከፈለ፤ ዐሊ ውሻ የሚጠጣበትን ገበታ ሳይቀር ዋጋ ሰጠ። ኻሊድን ግን ከአዛዥነት አላወረዱትም።

ሁለተኛው የጎሳ መሪው የማሊክ ኢብኑ ኑወይራ ጉዳይ ነው፤ በ11ኛው ዓመተ ሂጅራ በሪዳ ጦርነቶች (ነቢዩ ካረፉ በኋላ ከመዲና ባፈነገጡ ጎሳዎች ላይ በተደረጉት) ጊዜ። ኻሊድ ቡጣሕ ላይ አስገደለው፣ ሚስቱንም አገባ። አብሮት የዘመተው አቡ ቀታዳ «አዛን ሲያደርጉና ሲሰግዱ ሰምተናል» ብሎ መሰከረና በቁጣ ወደ መዲና ሄደ። ዑመር «ሰይፉ ግፍ አለበት፣ ሻረው» ብለው ኸሊፋውን አቡበክርን ወጥረው ያዟቸው። አቡበክር ኻሊድን ጠርተው ገሠጹት፣ ጉማውንም ከፈሉ፤ «አላህ የመዘዘውን ሰይፍ ወደ አፎቱ አልመልስም» ብለው ግን አስቀጠሉት። ሁለቱ ሰዎች በአንድ ጉዳይ ላይ የያዙት አቋም ይኸው ነበር፤ ዑመር ኸሊፋ የሆኑት ከሁለት ዓመት በኋላ ነው። ኻሊድን የምንወደው ይህን ደብቀን ከሆነ ታሪኩን አልጻፍነውም።

ደጀን_77

እህታችን ያነሳችው ልክ ነው። ከሪዳው ሳንወጣ ነቢይ ነኝ ካለው ከሙሰይሊማ ጋር ስለተደረገው የየማማ (ዐቅራባእ) ውጊያ አንድ ነገር። የመጀመሪያው ግጭት ለሙስሊሞች ከፍቶ ነበር፤ ጠላት እስከ ኻሊድ ድንኳን ድረስ ገብቷል። ጦሩ የመዲና ሰው፣ ሙሃጂርና የገጠር ዐረብ ተደባልቆ የቆመ በመሆኑ አንዱ ሲሸሽ ማን እንደጀመረው አይታወቅም፤ እርስ በርስም መወቃቀስ ነበር። ኻሊድ በውጊያው መሀል «ተለያዩ! የማን ጀግንነት እንደሆነና ከየት በኩል እንደምንመታ ይታወቅ» ብሎ እያንዳንዱን ጎሳ በየሰንደቁ ሥር ለየው። ከዚያ በኋላ ነው የሙሰይሊማን ሰዎች ወደ አጥሩ ግቢ ገፍተው የጨረሷቸው፤ ግቢው «የሞት አትክልት» የተባለው በዚያ ምክንያት ነው። ኪሳራው ግን ከባድ ነበር። ከወደቁት መካከል ቁርኣን በቃላቸው የያዙ ብዙዎች ስለነበሩ ዑመር ለአቡበክር ቁርኣኑ በአንድ ጥራዝ ይሰብሰብ ብለው ያሳሰቡት ከዚህ በኋላ ነው፤ ሥራው ለዘይድ ኢብኑ ሣቢት ተሰጠ።

የታሪክ_ፈላጊ

ሁላችሁንም አላህ ይስጥልኝ። የበረሃውን ጉዞ የሚያውቅ ካለ? በተለይ ውሃው።

የበረሃ_ኮከብ

ሰፋ አድርጌ ልመልስ፤ ይህ ጉዳይ ተረት እየመሰለ የሚነገረው አሠራሩ ስላልተብራራ ነው።

መነሻው፦ በ634 መጀመሪያ አቡበክር ለኻሊድ ጻፉለት። የጦሩን ከፊል ለሙሰና ኢብኑ ሓሪሣ ኢራቅ ላይ ትተህ በቀረው ወደ ሻም ድረስ አሉት። መደበኛው መንገድ ውሃ አለው፤ ነገር ግን የሮም ምሽጎችና አጋሮቻቸው የሆኑ ጎሳዎች ያሉበት ስለሆነ በየጣቢያው ውጊያ ያስከትላል፣ ድንገተኛነቱም ይጠፋል። ስለዚህ ቁራቂር ከሚባል የውሃ ቦታ ወደ ሱዋ በቀጥታ መቁረጥ ፈለገ፤ አምስት ሌሊት፣ ጠብታ ውሃ የሌለበት።

መንገድ መሪው ራፊዕ የሚባል የጠይእ ጎሳ ሰው ነው። «ፈረስና ጓዝ ይዘህ አትችለውም፤ ብቸኛ ጋላቢ እንኳ ለነፍሱ የሚሰጋበት ምድር ነው» አለ። ኻሊድ ከኸሊፋው ቁርጥ ትእዛዝ እንዳለበት ሲነግረው ራፊዕ የጠየቀው፦ ሰው ሁሉ የቻለውን ያህል ውሃ ይያዝ፤ ለእኔ ደግሞ 20 ትልልቅ፣ የሰቡ፣ ዕድሜ የጠገቡ ሴት ግመሎች ስጡኝ።

አሠራሩ ተራ በተራ ይህን ይመስላል። መጀመሪያ ግመሎቹ ክፉኛ እስኪጠሙ ውሃ ይከለከላሉ። ያልተጠማ ግመል ትንሽ ነው የሚጠጣው፤ ክፉኛ የተጠማ ግን በጥቂት ደቂቃ ውስጥ መቶ ሊትርና ከዚያ በላይ ሊስብ ይችላል። ቀጥሎ አንዴ ይጠጣሉ፣ ትንሽ ያርፉና ደግመው ይጠጣሉ። ከዚያ ከንፈራቸው ይቆረጥና አፋቸው ይታሰራል፣ እንዳያመሰኩ። የሚያመሰኳ ግመል በሆዱ ያለውን ወደ አፉ እየመለሰ ያኝከዋል፣ ውሃውና ሳሩ ይቦካል፣ ይበላሻል። ጭነትም አይጫንባቸውም። በየማረፊያው አራት ግመል ይታረዳል፤ ከሆዳቸው የሚወጣው ውሃ ከወተት ጋር ተቀላቅሎ ለፈረሶች ይሰጣል። ሰው የሚጠጣው በስልቻ የያዘውን ነው።

ስለዚህ «ሰራዊቱ የግመል ሆድ ውሃ ጠጣ» የሚለው ዋናውን ዘገባ ያዛባል። የግመሎቹ ውሃ ለፈረስ ነው። ሃያ ለአራት ሲካፈል አምስት ይመጣል፤ አምስት ሌሊት፣ አምስት ማረፊያ።

አሁን ስሌቱን እንይ። ከሆድ የሚወጣው ውሃ በየቀኑ ይቀንሳል፤ የግመሉ ሰውነት ወደ ደሙ ይስበዋልና። በቸርነት ከአንድ ግመል 60 ሊትር ብንል አራቱ 240 ሊትር ይሰጣሉ። ፈረስ በሙቀት ለመኖር ቢያንስ 12 ሊትር በቀን ቢያስፈልገው (በደህና ጊዜ 30 ሊትር ገደማ ይጠጣል) ይህ ለሃያ ፈረስ ነው። እጥፍ ቢሆን ለአርባ። ፈረሱ በጉዞው አይጋለብም፤ ሰው በግመል ተቀምጦ ፈረሱን እየሳበ ይሄዳል፣ ፈረሱ ለውጊያ ይቆጠባል። ይህን ይዘን የሠራዊቱን ቁጥር ስናየው ዘጠኝ ሺህ የሚለው ዘገባ አያስኬድም፤ ከ500 እስከ 800 የሚሉት ዘገባዎች ናቸው ከውሃው ጋር የሚስማሙት።

ምን ሊበላሽ ይችል ነበር? መንገድ ከሳቱ አለቀ፤ ስድስተኛ ቀን የሚታረድ ግመል የለም። ደግሞም ሊበላሽ ምንም አልቀረውም ነበር። በመጨረሻው ቀን ራፊዕ ዓይኑን ታሞ ማየት አቅቶታል። «የጡት ቅርጽ ያላቸው ሁለት ኮረብታዎች ፈልጉ፤ እዚያ አጠገብ የተቀመጠ ሰው የሚያክል እሾሃማ ቁጥቋጦ አለ» አለ። ኮረብቶቹ ተገኙ፣ ቁጥቋጦው የለም። «ጠፋን፣ ጠፋችሁ!» አለና ደግመው እንዲፈልጉ አዘዘ። ግንዱ ተቆርጦ ጉቶው ብቻ ቀርቶ ነበር። ከሥሩ ሲቆፍሩ ውሃ ወጣ። ራፊዕ ያን ውሃ ያየው አንድ ጊዜ ብቻ ነው፣ ከአባቱ ጋር፣ ልጅ ሳለ።

ደጀን_77

ስሌቱ ጥሩ ነው። አንድ ጥንቃቄ ልጨምር፤ ቁራቂር የት ነው የሚለው ራሱ ያከራክራል። አንዱ ወገን ጉዞውን በደቡብ፣ በዱመቱል ጀንደልና በሲርሓን ሸለቆ በኩል ያደርገዋል፤ ሌላው በሰሜን፣ በተድሙር (ፓልሚራ) አቅጣጫ። የግመሎቹን ዘገባ ግን ሁለቱም ወገኖች ይቀበሉታል።

የበረሃ_ኮከብ

እስማማለሁ። ዋናው የት እንደወጣ ነው፤ ማንም ባልጠበቀው ጎን። በ24 ሚያዝያ 634 (በፈረንጆቹ አቆጣጠር)፣ በፋሲካ ዕለት፣ ከደማስቆ አጠገብ መርጅ ራሂጥ ላይ የሮም አጋር የሆኑትን ክርስቲያን ዐረቦች፣ ጋሳኖችን፣ በበዓላቸው ደረሰባቸው። ከዚያ የቡስራ ከተማ እጅ ሰጠች፣ በሐምሌ መጨረሻም ፍልስጤም ውስጥ አጅናደይን ላይ ከሮማውያን ጋር ተዋጉ።

ደጀን_77

እንግዲህ የርሙክ። ቁጥሩን አስቀድሜ ልጨርሰው። በታሪክ ጸሐፊው በጠበሪ ከተሰበሰቡት ዘገባዎች አንዱ 100,000፣ ሌላው 240,000 ሮማዊ ይላል። 240,000 ሰው በቀን ለነፍስ ወከፍ አንድ ኪሎ እህል ቢበላ 240 ቶን ነው፤ አንድ ግመል 200 ኪሎ ቢጭን በየቀኑ 1,200 ግመል እህል ብቻ ይዞ መድረስ አለበት፤ የፈረስ መኖና ውሃ ሳይቆጠር። በ6ኛው ክፍለ ዘመን የኖረው የሮም ታሪክ ጸሐፊ አጋትያስ የመላው ሮም ግዛት ጦር ተደምሮ 150,000 ነበር ብሏል። ከዚያ በኋላ ደግሞ ከ602 እስከ 628 ከፋርስ ጋር የተደረገው ጦርነት አገሩን አድቅቆታል። በሙስሊሞች በኩል 24,000 የሚለው የታሪክ ጸሐፊው የበላዙሪ ቁጥር ሊሆን የሚችል ነው፤ ሮማውያኑ ቢበልጡም በአሥር እጥፍ አይደለም።

ከቁጥሩ ይልቅ መሬቱን ተመልከቱ። ቦታው ከጎላን በስተ ምሥራቅ ያለ ደጋ ነው። በደቡብ የየርሙክ ወንዝ ጥልቅ ገደል፣ በምዕራብ የሩቃድ ሸለቆ፤ ሁለቱ የሚገናኙበት ማእዘን ቁልቁል ነው። ሙስሊሞቹ ቀድመው ሒምስንና ደማስቆን ይዘው ነበር፤ የሮም ጦር ከአንጾኪያ ሲነሳ ሁለቱንም ለቀው ወደ ደቡብ ተሳቡ። በላዙሪ እንደዘገበው ለሒምስ ሰዎች «ልንጠብቃችሁ ስላልቻልን» ብለው የተቀበሉትን ግብር መለሱ። ከተማ መያዝን ትቶ ጀርባን ለበረሃ መስጠት ማለት ቢሸነፉ የሚያፈገፍጉበት፣ ሮማዊ የማይከተልበት ምድር አለ ማለት ነው። ሮማውያኑ ግን ገደሉን ከጀርባቸው አደረጉ።

የኻሊድ ድርሻ ምን ነበር? ጠቅላይ አዛዡ አቡ ዑበይዳ ነው፤ ውጊያውን እንዲመራ ያደረገው ግን ኻሊድን ነው። ኻሊድ ምርጥ ፈረሰኞችን ከየክንፉ ነጥሎ በእጁ አቆያቸው። እግረኛው መስመሩን ይይዛል፤ አንዱ ክንፍ ሲገፋ ፈረሰኛው ዞሮ የገፋውን ጠላት በጎን ይመታል፣ መስመሩ ሲስተካከል ተመልሶ ያርፋል። ፈረስ ቀኑን ሙሉ መሮጥ አይችልም፤ በነሐሴ ሙቀት ደግሞ በፍጹም። አጭር ምት፣ ረጅም ዕረፍት። ይህን የማይጠብቅ አዛዥ በሦስተኛው ቀን የሚቀመጥበት ፈረስ እንጂ የሚዋጋበት ፈረስ አይኖረውም።

የኋላው ሰፈርም ተራ ሰፈር አልነበረም። ወደ ኋላ የሚሸሸውን ሴቶቹ በድንኳን ምሰሶና በድንጋይ ይመልሱት ነበር፤ ሂንድ ቢንት ዑትባ በስም ተጠቅሳለች።

ሮማውያኑን የጣላቸው አንድነት ማጣት ጭምር ነው። ቫሃን አርመናዊ፣ ቴዎዶሮስ የግምጃ ቤት ሹም፣ ጀበላ የጋሳን ዐረቦች መሪ። መጨረሻው ቀን 20 ነሐሴ 636 (በፈረንጆቹ) ነው። ፈረሰኛቸው ከእግረኛው ተለይቶ ሲሸሽ እግረኛው ወደ ገደሉ ተገፋ፤ ዋቁሳ በሚባለው ስፍራ ብዙው በውጊያ ሳይሆን በመውደቅ አለቀ።

አንድ ማሳሰቢያ አለኝ። «በአንደኛው ቀን ይህ፣ በሁለተኛው ቀን ያ» እያለ በሰዓት የሚተርከው በየቪዲዮው የምታዩት ካርታ በአብዛኛው ከኋለኛ ዘመን ትረካዎች ተነስቶ በዘመናችን የተቀናበረ ነው። መሬቱ፣ ወሩ፣ ገደሉ፣ የሮም ጦር መደምሰስ ጠንካራ ናቸው፤ የየቀኑ እንቅስቃሴ ግን በግምት ነው።

የታሪክ_ፈላጊ

እንግዲያው የሽረቱ ደብዳቤ የርሙክ ላይ ደረሰ፣ ኻሊድም ሰው እንዳይደናገጥ ደብቆ ውጊያውን ጨረሰ የሚባለውስ?

አቡ_ሐናን

ይህ የሚመጣው ሁለት የተለያዩ ነገሮችን አንድ ከማድረግ ነው።

የመጀመሪያው በ13ኛው ዓመተ ሂጅራ፣ በ634 ነው። አቡበክር በነሐሴ ሞቱ፣ ዑመር ተተኩ፣ ወዲያው የሻም ጠቅላይ አዛዥነት ወደ አቡ ዑበይዳ ዞረ። ኻሊድ ከጠቅላይ አዛዥነት ወረደ እንጂ ከጦሩ አልተባረረም፤ በአቡ ዑበይዳ ሥር መምራቱን ቀጠለ። ደብዳቤው በደማስቆ ከበባ ጊዜ ደረሰ የሚሉ አሉ፣ አቡ ዑበይዳ ለኻሊድ ወዲያው መንገር ከብዶት አዘገየው የሚሉም አሉ። የርሙክ ላይ የሚያደርሰው ዘጋቢው ሰይፍ ኢብኑ ዑመር ነው፤ እሱ ግን የርሙክን ራሱን በ13ኛው ዓመት ያስቀምጠዋል። ሌሎቹ የዐረብ ዘጋቢዎች 15ኛው ዓመት ይላሉ። ከሁሉም በላይ ደግሞ በዚያው ዘመን የተጻፈ አጭር የሱርስት ማስታወሻ በጋቢታ (ጃቢያ) አካባቢ የተደረገውን ጦርነት በሰሌውቅያን አቆጣጠር በ947 ነሐሴ 20 ብሎ መዝግቦታል፤ ይህም 636 ነው። አቡበክር ከሞቱ ሁለት ዓመት ሆኗቸዋል። የሹመት ለውጡ ደብዳቤ በዚያ ሜዳ ሊደርስ አይችልም።

ሁለተኛው በ17ኛው ዓመት፣ በ638 ነው። ያኔ ኻሊድ የቂነስሪን አስተዳዳሪ ነበር። ከዘመቻ ሲመለስ አል አሽዐስ ኢብኑ ቀይስ ሊጠይቀው መጣና ኻሊድ 10,000 ዲርሃም ሸለመው። ወሬው መዲና ደረሰ። ዑመር ለአቡ ዑበይዳ የጻፉት ትእዛዝ ዝርዝር አለው፦ ኻሊድ በሰው ፊት ይቁም፣ ቆቡ ይነሳ፣ በጥምጣሙ ይታሰር፣ ገንዘቡ ከየት እንደሆነ ይናገር። ከምርኮ ከሆነ ክህደት ነው፤ ከራሱ ከሆነ ብኩንነት ነው፤ በሁለቱም ይሻራል። ሒምስ ላይ መልእክተኛው ሲጠይቀው ኻሊድ ዝም አለ። ተነስቶ ጥምጣሙን የፈታውና ያሰረው ቢላል ነው። «ከገንዘቤ ነው» ሲል ቢላል ፈታው፤ ጥምጣሙንም በገዛ እጁ መልሶ ጠመጠመለት። አቡ ዑበይዳ ሚንበሩ ላይ ተቀምጦ አንድ ቃል አልተናገረም።

መዲና ሲመጣ ዑመር ሀብቱ ከየት እንደሆነ ጠየቁት። «ከምርኮ ድርሻዬ፤ ከ60,000 የበለጠው ያንተ ነው» አለ። ሲቆጠር 80,000 ሆነ፣ 20,000 ወደ በይተል ማል (የሕዝብ ግምጃ ቤት) ገባ። ከዚያ ዑመር ወደ ክፍለ ሀገራቱ ያስተላለፉት ቃል፦ ኻሊድን የሻርኩት ተቆጥቼበት ወይም ክዶኝ አይደለም፤ ሰው በእርሱ ተማርኮ በርሱ እንዳይመካ ፈርቼ ነው፤ አድራጊው አላህ መሆኑን እንዲያውቁ ፈለግሁ።

ኡሙ_ሱመያ

«ቅናት» ለሚሉት፦ ዑመር እንዲህ ያደረጉት ኻሊድን ብቻ አይደለም። ሰዕድ ኢብኑ አቢ ወቃስን፣ በቃዲሲያ ፋርሶችን ያሸነፈውን፣ ከኩፋ አንስተዋል። የግብፁን ዐምር ኢብኑል ዓስን ጨምሮ የብዙ ሹማምንት ሀብት ተቆጥሮ ከፊሉ ተወስዷል። ሹም ሲሾሙ ሀብቱን ይመዘግባሉ፣ ሲሽሩ ያስተያያሉ። በማሊክ ኢብኑ ኑወይራ ጉዳይ የያዙት አቋምም ከዓመታት በፊት የታወቀ ነው።

በዝምድናም ሩቅ አይደሉም። የዑመር እናት ሐንተማ የሃሺም ኢብኑል ሙጊራ ልጅ ናት፤ የኻሊድ የአጎት ልጅ ማለት ነው። ኻሊድ ሲሞት የበኑል ሙጊራ ሴቶች ተሰብስበው ሲያለቅሱ ይከልከሉ ሲባሉ ዑመር «አቧራ እስካልበተኑ፣ እስካልጮኹ ድረስ ለአቡ ሱለይማን (ለኻሊድ) ያልቅሱ፣ ተዉአቸው» አሉ። የተረፈው ሀብት ፈረሱ፣ መሣሪያውና አንድ አገልጋይ ሆኖ ሲገኝ ዑመር ከጠረጠሩት የተሻለ ሰው እንደነበር ተናግረዋል።

የደሴ_ልጅ

የሐበሻ ዝርያ ያለው ቢላል ከተነሳ አይቀር፣ በኻሊድ ታሪክ ውስጥ የሐበሻ ሰው ደጋግሞ ይመጣል። ወሕሺ ሐበሻዊ ነበር፤ ጦር ሲወረውር በአገሩ ሰዎች ልማድ እንደሚወረውርና እምብዛም እንደማይስት ራሱ ተናግሯል። ኡሑድ ላይ ሐምዛን የገደለበትን ያንኑ ጦር የማማ ላይ ሙሰይሊማ ላይ ወረወረው። በኡሑድ ከኻሊድ ጋር በቁረይሽ በኩል፣ በየማማ ከኻሊድ ጋር በሙስሊሞች በኩል። የኻሊድ ወንድም ዑማራ ደግሞ ከዐምር ጋር ወደ ሐበሻ መጥቶ እዚሁ እንደቀረ በትውፊት ይነገራል።

የታሪክ_ፈላጊ

የመጨረሻ ጥያቄ፤ መቃብሩ ሒምስ ነው ወይስ መዲና? «በመቶ ውጊያ አልተሸነፈም» የሚለውስ?

አቡ_ሐናን

በ21ኛው ዓመተ ሂጅራ፣ በ642 ሞተ። አብዛኞቹ ሒምስ ይላሉ፤ መዲና የሚል ዘገባም አለ፤ ከላይ የተጠቀሰው የሴቶቹ ለቅሶ ከመዲናው ጋር ይበልጥ ይገጥማል። ሒምስ ያለው ባለ ሁለት ሚናሬት መስጊድ በኦቶማን ዘመን መጨረሻ ላይ የታነጸ ነው፤ በ2013 በሶርያው ጦርነት መቃብሩ ላይ ከባድ ጉዳት ደርሷል። አልጋው ላይ ሆኖ «በሰውነቴ የሰይፍ፣ የቀስት ወይም የጦር ጠባሳ የሌለበት ስንዝር ቦታ የለም፤ ይኸው እንደ ግመል አልጋዬ ላይ እሞታለሁ» ማለቱ በብዙ መንገድ ተላልፏል።

መቶ የሚለው ቁጥር ከራሱ ንግግር የተያዘ ነው፤ «መቶ ግጥሚያ ላይ ተገኝቻለሁ» እንዳለ ይዘገባል፣ እሱም በዐረብ አነጋገር «ብዙ» ለማለት ነው። በስም የሚቆጠሩት ከዚያ በጣም ያንሳሉ፤ አብዛኞቹ የኢራቁ ደግሞ፣ ወለጃና ኡለይስን ጨምሮ፣ ዝርዝራቸው በሰይፍ ኢብኑ ዑመር በኩል ብቻ የመጣ ስለሆነ በየራሳቸው መመርመር አለባቸው። ወለጃን ለብቻው ክር ከከፈትክለት በዚያ ውጊያ ተደበቀ ስለተባለው ፈረሰኛ እዚያ እንጽፋለን።